«ነባቢት ነፍስ» ምን ማለት ነው?

ጥያቄ፦ እናቴ ባለፈው ወር አረፈች። ቀብሯ ላይ ቄሱ «የሰው ነፍስ ለባዊት፣ ነባቢት፣ ሕያዊት ናት» አሉ። እናቴ ፊደል አልቆጠረችም። የሰፈሩን ጠብ ሁሉ የምታበርደው ግን እሷ ነበረች። «ነባቢት» ማለት የምታነብ ማለት ነው? ቃሉስ ከየት መጣ?
ከቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም

መልስ፦ እግዜር ያጥናሽ፣ እህቴ። ነፍሳቸውን በገነት ያኑርልሽ።

የምታነብ ማለት አይደለም። በግእዝ «ነበበ» ተናገረ ማለት ነው። «ነባቢ» ተናጋሪ፣ ሴቷ «ነባቢት»። የእኛ «አነበበ»ም የወጣው ከዚሁ ሥር ነው፤ ድሮ ንባብ የአፍ ሥራ ነበርና። እኔ ለገጣፎ የኔታ ዘንድ ስማር ዝም ብሎ በዓይን መከተል ኩርኩም ያስቀምስ ነበር። የንባቡ ደረጃዎች፣ ግእዙም፣ ውርዱም፣ ቁም ንባቡም ድምፅ ተሰምቶ ነው።

ታዲያ ነፍስ እንዴት ትናገራለች? እኔ ይህን ቃል የምወደው እዚህ ላይ ነው። ግሪኮች «ሎጎስ» የሚሉት ቃል አላቸው። ንግግርም ነው፣ ማሰብም ነው። አርስቶትል ከእንስሳት ሁሉ ሎጎስ ያለው ሰው ብቻ ነው ብሎ ጽፏል። ከዚያ የወጣውን «ሎጊኮስ» የሚለውን ቅጽል የግእዝ ተርጓሚዎች «ነባቢ» አሉት። እንደ ግሪኩ ሁሉ ንግግርና ሐሳብን ባንድ ቃል ያዙ። ስለዚህ ነባቢት ነፍስ የምታመዛዝን፣ ያሰበችውንም በቃል የምትገልጥ ነፍስ ናት።

«ለባዊት» ከ«ልብ» ነው፣ አስተዋይ ማለት። «ልብ በል» ስንል፣ ልጅ ሲበስል «ልብ ገዛ» ስንል ያው ልብ ነው። «ሕያዊት» ግልጽ ነው፤ ሕያው የሆነች።

አሁን እናትሽን አስቢያቸው። ሁለት የተጣሉ ሰዎች መሀል ሲቀመጡ የዚህንም የዚያንም ሰምተው፣ መዝነው፣ የሚያቆስለውን ቃል ትተው የሚያበርደውን ይመርጡ ነበር አይደል? ነባቢነት ይሄ ነው። ቄሱ እናትሽን በደንብ ገልጸዋቸዋል።

ቃሉን ራስሽ ማየት ከፈለግሽ በ1948 ዓ.ም. የታተመውን የአለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌን የግእዝ መዝገበ ቃላት ፈልጊ። የተደረደረው ግን በ«አበገደ» የፊደል ተራ ነው። በ«ሀለሐመ» ስትፈልጊ እንዳትደክሚ።