ባንጆ ለጀመራችሁ

«በስንት ወር እንደ ባንጆ ተጫዋቹ ኧርል ስክራግስ መፍጠን እችላለሁ?» ብሎ ለጠየቀው ወጣት የወራት ቁጥር የለኝም። የከነከነኝ ሳይጠይቅ የተወው ነው፦ ከማን ጋር ልትጫወት?

ስክራግስ ኖርዝ ካሮላይና ክር ፋብሪካ ሲሠራ ከርሞ፣ እ.ኤ.አ. በ1945 ማብቂያ የቢል ሞንሮን ባንድ ሲቀላቀል የ21 ዓመት ልጅ ነበር። ሞንሮ በማንዶሊን፣ ሌስተር ፍላት በጊታር። ቅዳሜ ማታ ናሽቪል፣ ራይማን አዳራሽ፤ ሌላውን ቀን መኪና ውስጥ ተጨናንቆ ከከተማ ከተማ። ብሉግራስ የሚባለው የአሜሪካ የክር መሣሪያ ሙዚቃ ዛሬ ያለውን መልክ የያዘው እዚያ ነው። በ1948 መጀመሪያ ግን ስክራግስና ፍላት ተከታትለው ለቀቁና የራሳቸውን ባንድ አቆሙ። በ1953 አንድ የዱቄት ኩባንያ የማለዳ የሬዲዮ ፕሮግራም ከፈለላቸው፤ እንጀራቸው ተደላደለ። ሞንሮ ተቀየመ። ከፍላት ጋር ከሃያ ዓመት በላይ ተኳረፉ፤ የታረቁት በ1971 ኢንዲያና፣ ቢን ብሎሰም ፌስቲቫል ላይ ነው። ፍላት በ1979 አረፈ። ሦስቱ አብረው የነበሩበት ያ ባንድ ስቱዲዮ የገባው በ1946 እና በ1947 ብቻ መሆኑን ሳስብ እስከ ዛሬ ይቆጨኛል።

የዛሬ ልጆች ደግሞ ሳይጣሉም ብቻቸውን ናቸው። ሶሎ (ብቻ የሚጫወቱትን ክፍል) ይለማመዱና በስልክ ይቀርጻሉ። ሶሎ እኮ ከዘፈኑ ትንሿ ቁራጭ ናት! ዘፋኙ ሲጀምር ከማይክራፎኑ ራቁ፤ ሁለተኛውና አራተኛው ምት ላይ ኮርዱን (አብረው የሚሰሙትን ድምፆች) መትታችሁ የግራ እጃችሁን ወዲያው አላሉት፣ ድምፁ እንዲቆረጥ። ይህን በደንብ የሚችል ሰው ሥራ አያጣም።

ለቀኝ እጅ፦ አውራ ጣት ላይ ፕላስቲክ ፒክ (ክር መምቻ)፣ ሌባና መሃል ጣት ላይ ብረት። የቀለበት ጣትና ትንሿ ጣት ከባንጆው ፊት አይነሱ፤ ከተነሱ ድምፁ አንዴ ይጮኻል፣ አንዴ ይሰልላል። ሜትሮኖሙን (ምት ቆጣሪውን) በደቂቃ 60 ምት ላይ ጀምሩ፤ በአንድ የጣቶች ዙር ያሉት ስምንቱም ኖታ እኩል ካልተሰማ አትጨምሩ። ፍጥነት ይቆይ ማለቴ ነው፤ ጃም (ሰብሰብ ብሎ መጫወት) ላይ ግን ማንም ቆሞ አይጠብቃችሁም፣ ስለዚህ ውሎ አድሮ መፍጠኑም አይቀርም።

ብርኩማው (ክሮቹን ከባንጆው ፊት ከፍ አድርጎ የሚይዘው እንጨት) በሙጫ አልተጣበቀም፤ የያዘው የክሮቹ ጫና ነው። ሁሉንም ክር ባንዴ ከፈታችሁ ይወድቃል፣ አንድ በአንድ ቀይሩ። አሥራ ሁለተኛው ፍሬት (አንገቱ ላይ ያለ የብረት መስመር) ላይ የተጫነው ክር ድምፅ ከባዶው ክር ልክ አንድ ኦክታቭ መብለጥ ሲገባው ከዚያ ካለፈ፣ ብርኩማውን በጥቂቱ ወደ ክር ማሰሪያው ግፉት። ፊቱ እንደ ድሮው ቆዳ ከሆነ፣ እንደ መሰንቋችን ሁሉ እርጥበት ያላላዋል፤ ፕላስቲክ ይሻላችኋል።

ቫዮሊን ተጫዋቾች ኤ ቁልፍ (ኤ የሚባለው ድምፅ መነሻ የሆነበትን ዘፈን) ይወዳሉ። ካፖውን (ክሮቹን ባንዴ የሚጫነውን መቆንጠጫ) ሁለተኛው ፍሬት ላይ፣ አጭሩን አምስተኛ ክር ደግሞ ሰባተኛው ፍሬት ላይ ካለው መንጠቆ ስር አድርጉ። ለቢ አራተኛና ዘጠነኛ ነው። መንጠቆ የሌለው ባንጆ ከገዛችሁ፣ ጃም ከመሄዳችሁ በፊት ለጥገና ባለሙያ ስጡትና ያስገባላችሁ።