ስድስት ነጥብ በአንድ ምት አይመለስም

ውድ ልጆቼ፣

ከአዲስ አበባ የሚደውሉልኝም ሆኑ እዚህ ዋሽንግተን አካባቢ የምሠራበት ፋርማሲ ድረስ መጥተው የሚያማክሩኝ ወጣቶች፣ አነጋገራቸው ይለያይ እንጂ የሚሉኝ አንድ ነው። «ጋሼ፣ እኩዮቼ ቤት ሠሩ፣ ልጅ ወልደው ሳሙ፤ እኔ ግን ወደ ኋላ ቀረሁ። በአንዴ የምደርስበት መንገድ ካለ ይንገሩኝ።» ይህን ስሰማ አንጀቴን ይበላኛል። የሰነፍ ጥያቄ ቢሆን ተቆጥቼ አልፈው ነበር፤ የጨነቀው ልጅ ጥያቄ ነውና ረጋ ብዬ ልመልስ። መልሴ በአንድ የቤዝቦል ጨዋታ ውስጥ ያልፋል። ጨዋታውን የማታውቁትም አትስጉ፣ የሚያስፈልገውን ያህል እግረ መንገዴን አስረዳለሁ።

እ.ኤ.አ. ኦክቶበር 12 ቀን 2012 አርብ ማታ ነው። ቦታው እዚሁ ዋሽንግተን፣ ናሽናልስ ፓርክ ስታዲየም። የከተማው ቡድን ዋሽንግተን ናሽናልስና የሴንት ሉዊስ ካርዲናልስ ከአምስት ሦስት በሚያሸንፍ ጥሎ ማለፍ ተገናኝተው፣ ሁለት ሁለት ተሸናንፈው አምስተኛው ጨዋታ ላይ ደርሰዋል። ያሸነፈ ያልፋል፣ የተሸነፈ ዓመቱ ያበቃለታል። ዋሽንግተን በቤዝቦል እዚህ ደረጃ ከደረሰች ከ1933 ወዲህ የመጀመሪያዋ ነበር። ናሽናልስ በመደበኛው ውድድር 98 ጨዋታ አሸንፎ ከሁሉም ቡድኖች በላይ ሆኖ ነው የጨረሰው። ካርዲናልስ ያሸነፈው 88 ሲሆን የገባውም በመጨረሻዋ በር ነው።

ጨዋታው እንደተጀመረ ነገሩ ያለቀ መሰለ። በመጀመሪያው ኢኒንግ፣ ማለትም ከጨዋታው ዘጠኝ ዙሮች በመጀመሪያው፣ ራያን ዚመርማን ኳሷን አጥር አሻግሮ ሲሰዳት ናሽናልስ ሦስት ነጥብ ያዘ። በሦስተኛው ደግሞ ያኔ ገና የ19 ዓመት ልጅ የነበረው ብራይስ ሃርፐር፣ ቀጥሎም ማይክል ሞርስ ሆም ራን (አጥር የሚሻገር ምት) መቱና ሌላ ሦስት ተጨመረ። 6 ለ 0! ስታዲየሙ ከ45 ሺህ በላይ ሰው ይዞ ጮቤ ረገጠ።

እዚህ ላይ ሁለት ነገር ልብ በሉልኝ። አንደኛ፣ ቤዝቦል እንደ እግር ኳስ ሲያልቅ የሚገላግል ሰዓት የለውም። የሚመራው ቡድን ኳስ ማዕዘን ወስዶ ጊዜ መግደል አይችልም፤ ሃያ ሰባት አውት (የተቃራኒን ተጫዋች ከተራው ማስወጣት) አንድ በአንድ ማግኘት አለበት፣ የመጨረሻዋንም ጭምር። ሁለተኛ፣ በዚህ ጨዋታ ስድስት ነጥብ የሚያስገኝ ምት የሚባል ነገር የለም። ትልቁ ምት ሦስቱም ቤዝ (ሯጩ ነጥብ ለማስቆጠር የሚያልፍባቸው ማረፊያዎች) ላይ ሰው ቆሞ ኳሷ አጥር ስትሻገር የሚገኘው ነው፤ እሱም አራት ነው። ስድስት የተመራ ቡድን በዓለም ላይ ያለውን ጉልበት ሁሉ ሰብስቦ ቢመታ እንኳ አሁንም ተመሪ ነው።

ካርዲናልሶች ይህን የሚያውቁ ሰዎች ነበሩ። በአራተኛው ኢኒንግ አንድ፣ በአምስተኛው ሁለት አስቆጠሩ። በስድስተኛው ምንም። በሰባተኛው አንድ፣ በስምንተኛው አንድ። 6 ለ 5 ሆነ። ናሽናልስ አንድ ጨመረና 7 ለ 5 ተብሎ ወደ ዘጠነኛው፣ ወደ መጨረሻው ኢኒንግ ተገባ።

ለመዝጋት የገባው ወርዋሪ የ25 ዓመቱ ድሩ ስቶረን ነው። ካርሎስ ቤልትራን መትቶ ሁለተኛ ቤዝ ቢደርስበትም የሚቀጥሉትን ሁለቱን አወጣቸው። የቀረው አንድ ሰው ብቻ። ያዲየር ሞሊና ዱላውን ይዞ ቆመ፤ ሁለት ስትራይክ ተቆጠረበት። ስትራይክ መቺው የሳታት ወይም በልኩ መጥታ ያሳለፋት ኳስ ናት፤ ሦስት ከሞላ ይወጣል። አንዲት ስትራይክ ብትጨመር ዋሽንግተን አለፈች ማለት ነው፤ ሕዝቡ ተነሥቶ ቆሟል። ሞሊና ግን ከልኩ የወጣችውን ኳስ ሳይነካ አሳለፋት፣ ሌላዋንም እንዲሁ። ከልክ የወጣ አራት ኳስ የተወረወረለት መቺ በእግሩ ሄዶ አንደኛውን ቤዝ ይይዛል፤ ሞሊናም ሄዶ ያዘ። ቀጥሎ ዴቪድ ፍሪስ መጣ። እሱም ሁለት ስትራይክ ተቆጠረበት፣ እሱም ታግሦ አራቷን ኳስ አገኘና ሄደ። ሦስቱም ቤዝ ሞላ። ዳንኤል ዴስካልሶ የመታት ኳስ የኢያን ዴዝመንድን ጓንት ነክታ አመለጠች፤ 7 ለ 7። ፒት ኮዝማ ወደ ቀኝ መታ፤ 9 ለ 7። ኮዝማ የቋሚው ተሰላፊ ራፋኤል ፈርካል ተጎድቶ በወቅቱ ማብቂያ ከታችኛው ሊግ የተጠራ ልጅ ነው። በመልሱ የካርዲናልሱ ጄሰን ሞት ሦስቱንም መቺዎች አከታትሎ አወጣ፣ ጨዋታው አለቀ። አሸናፊው በሚለይበት የመጨረሻ ጨዋታ ስድስት ነጥብ ተመርቶ ያሸነፈ ቡድን ከዚያ በፊት አልነበረም።

ብዙ ሰው ከዚያች ሌሊት የሚያስታውሰው ስቶረንን ነው። እኔ ግን እናንተ ሞሊናንና ፍሪስን እንድታዩልኝ እፈልጋለሁ። ሁለት ነጥብ ተመርተህ፣ አንድ ስትራይክ ቀርቶህ፣ ያ ሁሉ ሕዝብ ሲጮህብህ፣ እጅህ የሚልህ «በለው!» ነው። እነሱ የማይሆነውን ኳስ ትተው ተራውን ለቀጣዩ ሰው አሳለፉ። ለዚያውም ፍሪስ ማን እንደሆነ እወቁት። ዓመት ባልሞላ ጊዜ ቀደም ብሎ፣ በ2011 የወርልድ ሲሪስ (የዓመቱ የዋንጫ ፍጻሜ) ስድስተኛ ጨዋታ፣ ቡድኑ በቴክሳስ ሬንጀርስ ሊሸነፍ አንድ ስትራይክ ሲቀረው መትቶ አቻ ያደረገ፣ በ11ኛው ኢኒንግ ደግሞ በሆም ራን የጨረሰ ጀግና ነው። የጀግንነትን ጣዕም ያውቃል። በዋሽንግተን ግን ቡድኑ ከእሱ የሚፈልገው በእግሩ ሄዶ አንደኛ ቤዝ ላይ መቆሙን ብቻ ነበርና ያንን አደረገ። እኔ በሙያዬ ካየኋቸው ትልልቅ ሰዎች ብዙዎቹ የዚህ ዓይነት ናቸው።

አሁን ወደሚያስጨንቀኝ ነገር ልግባ። ልጆቼ፣ ቤቲንግ እየበላችሁ ነው። ትኬቱን ያሳዩኝ ልጆች አሉ፦ አሥር ጨዋታ ተደርድሮበታል፣ የገባው ብር ትንሽ ነው፣ ከታች የተጻፈው ሊገኝ የሚችል ብር ግን የዓመት ደመወዝ ይሆናል። ዘጠኙ ይዞ አንዱ ሲወድቅ ሁሉም ይወድቃል። ልጁም «ለጥቂት ነው የሳትኩት» ብሎ በማግስቱ ያጣውን ሊያስመልስ ይገባል። ለጥቂት አልሳተም፤ ትኬቱ አንዱ ሲወድቅ ሁሉም እንዲወድቅ ሆኖ የተሠራ ነው። ይህ በአንድ ምት ስድስት ነጥብ መፈለግ ነው። የእናቱን ቤት አሽጦ ለደላላ ከፍሎ በበረሃና በባሕር የሚወጣውንም ሳስብ ያው ጭንቀት ይታየኛል፤ እሱ ላይ ደግሞ የሚወራረደው ነፍስ ነው።

መርተው ለተሸነፉትም አንድ ቃል አለኝ፤ ከእናንተ መካከል ሁሉ ነገር ተሳክቶለት የነበረና የፈረሰበት አለና። ናሽናልስ ከዚያ በኋላ በ2014፣ በ2016 እና በ2017 ጥሎ ማለፍ ገብቶ በመጀመሪያው ዙር ወደቀ። ስቶረንም ክለቡ በ2013 መጀመሪያ ሌላ ዘጊ ስለቀጠረ ቦታውን ቢያጣም፣ በ2014 በሥራው መልሶ ይዟት ነበር። በ2019 ቡድኑ ከመጀመሪያዎቹ 50 ጨዋታዎች 31ዱን ተሸነፈ። ተንፏቆ፣ ተንፏቆ ኦክቶበር 1 ከሚልዋኪ ብሩወርስ ጋር ለአንድ ጨዋታ ጥሎ ማለፍ በቃ። በስምንተኛው ኢኒንግ 3 ለ 1 እየተመራ፣ ሁለት አውት ተቆጥሮበት፣ አንድ ሰው ብቻ ቤዝ ላይ ቆሞ፣ ያ የ2012ቱ ዚመርማን በተቀያሪነት ገባ። አርጅቷል። ሲመታ ዱላው ተሰበረ፤ ኳሷ ግን ማንም ያልደረሰባት ባዶ ቦታ ላይ ዝግ ብላ ወደቀችና አንደኛ ቤዝ ያዘ። አንቶኒ ሬንደን አራት ኳስ ታግሦ ሄደ። የ20 ዓመቱ ሁዋን ሶቶ መታ፣ የቀኙ ተከላካይ ኳሷን ሳታት፣ ሦስት ሰው ገባ፤ 4 ለ 3። ያ ቡድን በዚያ ወር ቢሸነፍ የሚወጣባቸውን አምስት ጨዋታዎች፣ በአምስቱም አስቀድሞ ተመርቶ፣ አሸነፈና ኦክቶበር 30 በሂዩስተን ዋንጫውን አነሣ። በ2012 አጥር ያሻገራት ኳስ አላሳለፈችውም፤ በ2019 ዱላ ሰብራ የወደቀችው አሳለፈችው።

በፋርማሲ ተመርቃችሁ አሜሪካ የገባችሁና «ዲግሪዬ ተቃጠለ» የምትሉኝ፣ መንገዱ ክፍልፋይ ነውና እንደ ክፍልፋይ ያዙት። መጀመሪያ የትምህርት ማስረጃችሁ ከዩኒቨርሲቲያችሁ እንዲላክ አድርጉ፤ ይህ ወራት ሊበላ ይችላልና ሥራ ሳትይዙም ጀምሩት። ከዚያ ኤፍፒጂኢኢ የሚባለው የውጭ ምሩቃን ፈተና አለ፣ ቶፍል አለ፣ የተግባር ልምምድ ሰዓት አለ፣ በመጨረሻ ናፕሌክስ የሚባለው የፋርማሲስት ፈቃድ ፈተናና የምትሠሩበት ስቴት የሕግ ፈተና ይመጣል። እኔም በዚሁ ነው ያለፍኩት፤ በቀን በረዳትነት ክኒን እየቆጠርኩ፣ ማታ እያነበብኩ። ክኒኑን በአምስት በአምስት ነው የምንቆጥረው፣ ዛሬም እንዲያው ነው። የሁሉንም ፈተና መጽሐፍ በአንድ ቀን ገዝታችሁ አትደርድሩ። የማስረጃውን ደብዳቤ በዚህ ሳምንት ጻፉ፤ እንግሊዝኛው ካስቸገራችሁ ይዛችሁልኝ ኑ፣ አብረን እናየዋለን።