ሁልጊዜ የሙሽራዋ አጎት መሆን ለሰለቸው ተዋናይ

ጥያቄህ በአጭሩ ይህ ነው። 26 ዓመትህ ነው፣ በቴአትር ተመርቀሃል። በሦስት ዓመት ውስጥ ዘበኛ፣ ሐኪምና የሙሽራዋ አጎት ሆነህ ተውነሃል። ዋናው ገጸ ባህሪ አንዴም አልደረሰህም። ዓይን አፋር ነኝም ብለሃል። «ትቼው ባንክ ልግባ ወይ?» ትላለህ።

ወንድሜ፣ መጀመሪያ ስለ አንድ ፈረንሳዊ ተዋናይ ላጫውትህ። ሚሼል ሎንስዴል ይባላል። በ1931 ፓሪስ ተወለደ (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆቹ ናቸው)። አባቱ እንግሊዛዊ ነበር። ልጅነቱን ለንደንና ሞሮኮ አሳልፎ በ1947 ወደ ፓሪስ የተመለሰው ሥዕል ሊማር ብሎ ነው። እሱም እንዳንተ ዓይን አፋር ነበር። ትወናን የተማረው ታንያ ባላሾቫ ከምትባል መምህርት ነው።

ፊልም የጀመረው በ1956 ነው። ከዚያ 12 ዓመት ሙሉ ትንንሽ ሥራ ሠራ። በ1968 ዳይሬክተሩ ፍራንሷ ትሩፎ በዚያው ዓመት በወጡ ሁለት ፊልሞች ላይ አሠራው። በአንዱ ጫማ ቤት ያለው ሰው ነው። ሰዎች ለምን እንደማይወዱኝ አጣሩልኝ ብሎ የግል መርማሪ ይቀጥራል። ነገሩ ያስቃል፤ ሎንስዴል ግን ለማሳቅ አይሞክርም። እንደ እውነተኛ ጉዳይ፣ ረጋ ብሎ ያስረዳል። ስትስቅ ቆይተህ ሰውየው ያሳዝንሃል። ፊልሙ የእሱ አይደለም፤ ግን ከአእምሮህ አይወጣም።

በ1973 ደግሞ «የጃካሉ ቀን» በተባለው ፊልም መርማሪ ፖሊስ ሆነ። አንድ ቦታ ላይ በትልልቅ ባለሥልጣናት ፊት የተጠለፈ ስልክ ያሰማል። ምስጢር የወጣው ከአንዳቸው ቤት ነው። የማንን ስልክ መጥለፍ እንዳለበት በምን እንዳወቀ ይጠይቁታል። አላወቀም ነበር፤ ስለዚህ የሁሉንም ጠልፏል። ይህን ሲናገር ድምፁን እንኳ ከፍ አያደርግም። እኔ በዚህ ትዕይንት ሁሌም እደነቃለሁ። ዓይን አፋርነትህን እንደ እንከን አትቁጠረው የምልህም ለዚህ ነው። ዝግ ብሎ መናገር ካሜራ ፊት ጉልበት አለው።

ያ ፊልም በእንግሊዝኛ ነበር። የአባቱ ቋንቋ በር ከፈተለት። በ1979 የጄምስ ቦንድ ባላንጣ ሆኖ የሠራውም እሱ ነው። ስለዚህ አንተም እንግሊዝኛህን፣ ወይም ከቤትህ የወረስከው ሌላ ቋንቋ ካለ እሱን፣ ለትወና በሚሆን ደረጃ አሳድገው።

የፈረንሳይን ትልቁን የፊልም ሽልማት፣ ሴዛርን፣ የወሰደው በ2011 ነው። 79 ዓመቱ ነበር! አልጄሪያ ውስጥ ስለኖሩ መነኮሳት በሚናገረው ፊልም ሐኪሙን መነኩሴ ተጫውቶ። ሽልማቱም ለረዳት ተዋናይ የሚሰጠው ነው። በ2020 እስኪያርፍ ከ100 በላይ ፊልም ሠርቷል።

አሁን ወደ ባንኩ። የቤት ኪራይ አይጠብቅም፤ አውቃለሁ። ግን ከጠዋት እስከ ማታ የሚይዝህ ሥራ ቀረጻና ልምምድ ያሳጣሃል። ከመወሰንህ በፊት ሰዓቱ የሚተጣጠፍ ሥራ ፈልግ። ወደ አማርኛ በሚመለሱ ድራማዎች ላይ ድምፅ መስጠት፣ የሬዲዮ ማስታወቂያ፣ ልጆችን ቴአትር ማስተማር ሁሉም ሙያህን ያጠነክራሉ። ከሠራሃቸው ውስጥ ሦስት ጥሩ ትዕይንቶች መርጠህ ከሦስት ደቂቃ በማይበልጥ ቪዲዮ አቀናብራቸው። ኦዲሽን ስትሄድ እሱ በእጅህ ይኑር።

ዘበኛውን፣ ሐኪሙንና አጎቱን ካሠሩህ ዳይሬክተሮች መካከል ለሁለተኛ ጊዜ ደውሎ የጠራህ አለ? እኔ ዋናውን ገጸ ባህሪ ከማግኘትህ ይልቅ የማየው ይህን ነው። ቁጭ ብለህ ቁጠራቸውና ጻፍልኝ፤ ስለ ባንኩ ያኔ እንነጋገራለን።