ሰማይ ላይ የሚኖር እንስሳ ለምትፈጥሩ ልጆች

ልጆቼ፣

የምናብ ዓለም እየገነባችሁ ሰማዩን በእንስሳት ለመሙላት ካሰባችሁ፣ እርሳስ ከማንሳታችሁ በፊት አንድ ነገር ወስኑ፤ እንስሳው አየር ላይ የሚቆየው በምንድን ነው? በክንፍ ነው ወይስ በጋዝ? መልኩ፣ ቀለሙ፣ ቀንዱ ከዚያ በኋላ ይደርሳል። አብዛኞቻችሁ የምትጀምሩት ከጭንቅላቱ ነው፤ ክንፉ መጨረሻ ላይ እንደ ነጠላ ትከሻው ላይ ጣል ይደረግበታል።

ክንፍ ከመረጣችሁ ክብደቱን ለክንፉ ስፋት አካፍሉት። ከእኛ ትልልቅ ጥንብ አንሳዎች አንዱ ወደ 7.5 ኪሎ ይመዝናል፤ ክንፉ ከጫፍ እስከ ጫፍ 2.5 ሜትር፣ ስፋቱ 0.8 ካሬ ሜትር ገደማ ነው። አንዱ ካሬ ሜትር 9.4 ኪሎ ያህል ይሸከማል ማለት ነው። አሁን ይህንኑ አሞራ በቁመትም በወርድም በውፍረትም እጥፍ አድርጉት። የክንፉ ስፋት 4 ጊዜ ያድጋል፤ ክብደቱ ግን 8 ጊዜ አድጎ 60 ኪሎ ይገባል። በአንዱ ካሬ ሜትር ላይ የተጫነው 19 ኪሎ ያህል ሆነ፤ ሳይወድቅ ለመብረር የሚያስፈልገው ፍጥነትም በ1.4 እጥፍ ጨመረ። ብዙ የተሳሉ ዘንዶዎች የሚወድቁት እዚህ ሒሳብ ላይ ነው። ግዙፍ በራሪ ስትፈልጉ አካሉን አሳንሱ፣ ክንፉን አርዝሙ፣ የሚነሳበት ገደልም ስጡት። ከጠፉት በራሪዎች ትልቁ ከሚባሉት አንዱ የሆነው ኬትዛልኮአትለስ ክንፉ 10 ሜትር ገደማ ነበር፤ ክብደቱን ብዙ ተመራማሪዎች ከ200 ኪሎ በላይ ይገምቱታል። ከዚያ በላይ መሄድ የፈለገ የዓለሙን አየር ያወፍር፣ ወይም የመሬቱን ስበት ይቀንስ፤ ይህን ካደረገ ግን ዝናቡም ዛፉም አብሮ መለወጡን አይርሳ።

ከፍታን አትናቁ። አዲስ አበባ 2,400 ሜትር አካባቢ ላይ ስለሆነች አየሯ ከባሕር ጠረፍ አየር በአንድ አምስተኛ ገደማ ይሳሳል። ያው ወፍ እዚህ ለመነሳት ከጅቡቲ ይልቅ 12 በመቶ ያህል መፍጠን፣ አለዚያም ክንፉን በሩብ ማስፋት አለበት። ተንሳፋፊ ደሴቶቻችሁን እንጦጦ ከፍታ ላይ፣ ማለትም ከ3,000 ሜትር በላይ፣ ካስቀመጣችሁ ሒሳቡን እንደገና ሥሩት። ሳንባውና ደሙም እንዲሁ ነው፤ በ1973 እ.ኤ.አ. በምዕራብ አፍሪካዋ ከተማ በአቢጃን ሰማይ 11,300 ሜትር ገደማ ላይ አንድ ጥንብ አንሳ ከአውሮፕላን ጋር ተጋጭቷል። እዚያ የሚደርሰው ደሙ ከስስ አየር ኦክስጅን አጥብቆ ስለሚይዝ ነው።

ጋዝ የመረጣችሁ ደግሞ ተቃራኒውን ሕግ ታገኛላችሁ፤ እንስሳው ባደገ ቁጥር ይቀለዋል። በአዲስ አበባ ከፍታ 1 ሜትር ኩብ ሃይድሮጅን 0.87 ኪሎ ያህል ያነሳል። ዲያሜትሩ 6 ሜትር የሆነ ድቡልቡል ከረጢት 113 ሜትር ኩብ ይይዛል፤ ስለዚህ 98 ኪሎ ገደማ ያነሳል። ደስ ይላል፣ ቆዳው እስኪቆጠር ድረስ። የከረጢቱ ገጽ 113 ካሬ ሜትር ነው፤ ቆዳው 1 ሚሊሜትር ቢወፍር ብቻውን 113 ኪሎ ያህል ስለሚመዝን ራሱን እንኳ ማንሳት አይችልም። አሥር ጊዜ ብታሳሱት ቆዳው ወደ 11 ኪሎ ወርዶ ለሥጋና ለአጥንት 87 ኪሎ ይተርፋል፤ ነገር ግን የግራር እሾህ ይበጣዋል። ሌላው መንገድ ማሳደግ ነው፤ ዲያሜትሩ 12 ሜትር ሲሆን 1 ሚሊሜትር ቆዳ ለብሶም ከ300 ኪሎ በላይ ይተርፈዋል። እኔ ሁለተኛውን እመርጣለሁ፤ ጫጩቶቹ መብረር ሳይችሉ መሬት ላይ እያደጉ የሚቆዩበትን ምክንያት በነጻ ይሰጣችኋል።

ጋዙ ከየት ይመጣል? ሳር የሚያብላሉ የሆድ ተሕዋስያን ሃይድሮጅን ያመነጫሉ፤ በላም ሆድ ውስጥ ግን ሌሎች ተሕዋስያን ወዲያው ወደ ሚቴን ይለውጡታል። ሚቴን የሚያነሳው ከሃይድሮጅን ግማሽ እንኳ አይሞላም፣ ስለዚህ እንስሳችሁ እነዚህ ሁለተኞቹ የሌሉበት ሆድ ይኑረው። ሃይድሮጅን በስስ ቆዳ ሾልኮ ስለሚወጣ በየቀኑ መብላት ግድ ይሆንበታል። ከለገጣፎ ሜዳ ተነስቶ ተራራ ሲሻገር ደግሞ በዙሪያው ያለው አየር ስለሚሳሳ ጋዙ ይሰፋል፤ ከረጢቱ ጢም ብሎ ከሞላ ይፈነዳል። ወይ ማስተንፈሻ ስጡት፣ ወይ ሲነሳ ጎደል አድርጎ ይነሳ። የሐምሌ መብረቅስ? ሃይድሮጅን ይነዳል፤ ክረምቱን ወዴት እንደሚሰደድ አስቡበት።

ምግቡን በአጭሩ ልንገራችሁ። ከአንዱ የምግብ ደረጃ ወደ ቀጣዩ የሚያልፈው ኃይል አንድ አሥረኛ ገደማ ነው፤ አንድ አዳኝ ሳሉ ሲባል መንጋ ሙሉ ታዳኝ ሳሉ ማለት ነው። ነፋስ የሚያንሳፍፋቸው ነፍሳትና ሸረሪቶች ትንንሽ ወፎችን ይመግባሉ እንጂ ግዙፍ አውሬ አያጠግቡም። እንቁላልም አለ። ስዊፍት የሚባሉ ወፎች አየር ላይ ይበላሉ፣ ይተኛሉ፣ ከዝርያቸው አንዱ እስከ 10 ወር ሳያርፍ መቆየቱ ታይቷል፤ ለመጣል ግን እንደ ገደል፣ ጣሪያ ወይም ዛፍ ያለ የሚያርፉበት ቦታ ይፈልጋሉ።

እነዚህን ለመለማመድ ሩቅ አትሂዱ። ሰንዳፋ ወይም ሱሉልታ በኩል ውጡና ጠዋት ከ2 ሰዓት እስከ 5 ሰዓት አሞራዎቹን ተመልከቱ። ማለዳ አይነሱም፤ መሬቱ ሞቆ አየሩ ወደ ላይ እስኪወጣ ዛፍ ላይ ይጠብቃሉ። ከዚያ ጥቁር እርሻ ወይም የቆርቆሮ ጣሪያ በበዛበት ሰፈር ላይ ክንፍ ሳያርገበግቡ እየዞሩ ከፍ ይላሉ። መቼ እንደተነሱ፣ ሰማዩ ደመና መሆኑን፣ ከምን ላይ እንደዞሩ ጻፉ፤ የእናንተም እንስሳ ቀኑን የሚያሳልፈው በዚህ መርሐ ግብር ነው።

ቤት ስትገቡ የዶሮ ደረት ላይ እንደ ስለት የቆመውን አጥንት እዩት፤ የክንፍ ጡንቻ የሚያያዘው እዚያ ነው። ዶሮ ለአጭር ጊዜ ብቻ ስለምትበር የደረቷ ሥጋ ነጭ ነው፤ ርቃ የምትበረው እርግብ የደረቷ ሥጋ ግን ጥቁር ቀይ ነው። አራት እግርና ሁለት ክንፍ ያለው ፍጡር ከሳላችሁ ይህ ጡንቻ የት እንደሚያርፍ፣ ከፊት እግሩ ትከሻ ጋር እንዴት እንደማይጋጭ አሳዩ። ሥዕሉንም ከፊት፣ ከላይና ከጎን ሠርታችሁ አራተኛውን ክንፉ ታጥፎ ሳሉት፤ ብዙ ጊዜ ክንፉ መሬት የሚጎተት ወይም የኋላ እግሩን የሚሸፍን ሆኖ የሚገኘው በዚህ አራተኛው ላይ ነው።