«መደበኛ ማድረግ» ወይስ «ኖርማላይዝ ማድረግ»? ስለ ሞገድ ፈንክሽን የቀረበ የቋንቋ ጥያቄ

ጥያቄ፦ የፊዚክስ መምህር ነኝ። ስለ ኳንተም መካኒክስ በአማርኛ አጭር የትምህርት ማስታወሻ እያዘጋጀሁ ሳለ እንዲህ ብዬ ጻፍኩ፦ «የሞገድ ተግባሩን መደበኛ ለማድረግ በጠቅላላ ድምሩ እናካፍለዋለን፤ ከዚያ ስኩዌሩ የመገኘት ዕድሉን ይሰጠናል።» ያነበቡት ተማሪዎች «ቀድሞ መደበኛ ያልነበረው ለምንድን ነው? ስህተት ነበረበት ወይ?» ብለው ጠየቁኝ። ባልደረባዬ ደግሞ «ኖርማላይዝድ ማድረግ» በለው ይለኛል። የቱ ነው ትክክል?

መልስ፦ ተማሪዎችዎ ዓረፍተ ነገሩን በትክክል ነው ያነበቡት። «መደበኛ» በተባለ ቁጥር ከጎኑ መደበኛ ያልሆነ ነገር አለ። መደበኛው ትምህርት ከማታው፣ መደበኛው ስብሰባ ከአስቸኳዩ፣ መደበኛው ሠራተኛ ከጊዜያዊው ይለይበታል። ሁለት መንግሥታት ግንኙነታቸውን ወደ መደበኛው መለሱ ሲባልም ቀድሞ ሻክሮ ወይም ተቋርጦ እንደነበር እንረዳለን። በፊዚክሱ ግን እንዲህ ያለ ጉድለት የለም። ከመካፈሉ በፊት ያለው የሞገድ ፈንክሽን (እርስዎ «የሞገድ ተግባር» ያሉት፣ የቅንጣቱን ሁኔታ የሚገልጸው) የሽሮዲንገርን እኩልታ፣ ማለትም ፈንክሽኑ የሚገዛበትን የኳንተም መካኒክስ ሕግ ያሟላል፤ ቅርጹም ያው ነው። እኩልታው መስመራዊ ስለሆነ አንድ መፍትሔ ከተገኘ የመፍትሔው እጥፍም ሆነ ሲሶ ራሱ መፍትሔ ነው። ከእነዚህ ሁሉ የትኛውን እንያዝ የሚለውን እኩልታው አይወስንልንም። የሚወስንልን ሌላ ሁኔታ ነው፤ ቅንጣቱ አንድ ቦታ መገኘቱ ስለማይቀር በየቦታው የመገኘት ዕድሉ ተደምሮ 1 መሆን አለበት።

ስለዚህ ለጽንሰ ሐሳቡ መጠሪያ «ኖርማላይዝ ማድረግ»ን ይያዙ፤ ለመጀመሪያ ጊዜ ሲያነሱት ግን ምን እንደሚሠራ በግልጽ አማርኛ ይንገሩት፦ «ጠቅላላ የመገኘት ዕድሉ 1 እንዲሆን የፈንክሽኑን መጠን ማስተካከል።» «መጠን» የምትለዋን ቃል አያውጧት፤ ቅርጹ እንዳልተነካ የምታስታውቀው እሷ ናት። «የሞገድ ተግባር» የሚለውንም ይተዉት። ተግባር ሥራ ነው፤ አንባቢው ሞገዱ የሚሠራውን ነገር ሊነግሩት ይመስለዋል። «ፈንክሽን»ን ከሒሳብ ትምህርቱ ያውቀዋልና «የሞገድ ፈንክሽን» ይበቃል። የፈንክሽኑን ምልክት ψን በፊደላችን ሲጽፉ ደግሞ «ፕሳይ» ይበሉ እንጂ «ሳይ» አይበሉ፤ «ሳይ ሳይካፈል» ብሎ የሚጀምር ዓረፍተ ነገር አንባቢን ያደናቅፋል።

ከቃሉ ምርጫ ይልቅ እኔን ያሳሰበኝ «በጠቅላላ ድምሩ እናካፍለዋለን» ያሉት ነው። የምን ድምር? «ድምሩ» የምን ድምር እንደሆነ ስለማይናገር ሦስት አንባቢ ሦስት ዓይነት ስሌት ይሠራበታል። በቁጥር እንየው። የኤሌክትሮን ስፒን (ሲለካ ከሁለት አቅጣጫ በአንዱ የሚገኝ ባሕርይው) ወደ ላይ ወይም ወደ ታች ሆኖ ሊገኝ ይችላል እንበል፤ ገና ያልተስተካከሉት አምፕሊቲዩዶች፣ ማለትም ስኩዌር ሲደረጉ የየአቅጣጫውን ዕድል የሚሰጡት ቁጥሮች፣ 3 እና 4 ናቸው። አንዱ አንባቢ 3 እና 4ን ደምሮ በ7 ያካፍላል። ያገኛቸውን ሁለት ክፍልፋዮች ስኩዌር አድርጎ ሲደምር ውጤቱ 25 ሲካፈል ለ49፣ ማለትም 0.51 ገደማ ይሆንበታል። ሁለተኛው ስኩዌሮቹን፣ 9 እና 16ን ደምሮ በ25 ያካፍላል። 0.12 እና 0.16 ያገኛል፤ የእነሱ ስኩዌር ድምር ደግሞ 0.04 ነው። ሦስተኛው በ25 ስኩዌር ሩት፣ በ5 ያካፍላል። 0.6 እና 0.8 ይወጣል፤ ስኩዌራቸው 0.36 እና 0.64፣ ድምሩም 1። ትክክለኛው ይህ ሦስተኛው ነው። ስኩዌር የምናደርገው ካካፈልን በኋላ በመሆኑ አካፋዩም አብሮ ስኩዌር ይሆናል፤ በ25 ያካፈለው አንባቢ ሳያውቀው ዕድሉን በ625 አካፍሏል ማለት ነው።

ይህን ሁሉ በአንድ ሐረግ ለማስገባት መሞከር ደግሞ ሌላ ችግር ያመጣል። «የፈንክሽኑ የፍጹም ዋጋ ስኩዌር ድምር ስኩዌር ሩት» የሚል ሰንሰለት ሰዋስዉ ባይሳሳትም የትኛው የትኛውን እንደሚገዛ ለማወቅ አንባቢው ሁለቴ መመለስ ይኖርበታል። አማርኛ የድርጊት ቅደም ተከተልን በግስ በደንብ ይናገራልና በግስ ይክፈሉት፦ «መጀመሪያ የፈንክሽኑን ፍጹም ዋጋ ስኩዌር እናደርግና በሙሉው ቦታ ላይ እንደምራለን። ፈንክሽኑን የምናካፍለው በዚህ ድምር ስኩዌር ሩት ነው።»

«ፍጹም ዋጋ» የሚለው ለጌጥ የገባ አይደለም። ከላይ ካሉት አምፕሊቲዩዶች ሁለተኛው 4 ሳይሆን 4 ጊዜ ኢማጂነሪ አሃዱ (ስኩዌሩ ከዜሮ በታች 1 የሆነው ቁጥር) ቢሆን ስኩዌሩ ከዜሮ በታች 16 ይሆናል፤ ድምሩም ከዜሮ በታች 7። ከዜሮ በታች የሆነ የመገኘት ዕድል የለም። መጀመሪያ ፍጹም ዋጋው ሲወሰድ ግን 4 ይሆንና ስሌቱ እንደ ቀድሞው 25 ላይ ይደርሳል። ስኩዌር የሚለው ነገር መዘለሉም ቢሆን በጀማሪ ላይ ብቻ የሚደርስ አይደለም። የፊዚክስ ሊቁ ማክስ ቦርን የሞገድ ፈንክሽን የመገኘት ዕድልን ይገልጻል የሚለውን ትርጓሜ እ.ኤ.አ. በ1926 ሲያቀርብ ዕድሉ ከስኩዌሩ ጋር የተያያዘ መሆኑን ያስገባው በጽሑፉ የግርጌ ማስታወሻ ላይ ነበር። በ1954 የኖቤል ሽልማት ሲሰጠው ሥራው የተጠቀሰው በተለይ በዚሁ ትርጓሜ ነው።

«ስኩዌሩ የመገኘት ዕድሉን ይሰጠናል» የሚለው ዓረፍተ ነገርዎ ለስፒኑ ይሠራል፤ ለቦታ ግን አይሠራም። ርዝመቱ 0.5 ናኖሜትር በሆነ፣ ግድግዳው በማይታለፍ ሳጥን ውስጥ ያለ ቅንጣትን ይውሰዱ። በዝቅተኛው የኃይል ደረጃ ፈንክሽኑ የግማሽ ሳይን ሞገድ ቅርጽ አለው፤ በሁለቱ ግድግዳዎች ዜሮ፣ መካከሉ ላይ ከፍተኛ። የሳይኑ ስኩዌር ከአንዱ ግድግዳ እስከ ሌላው ኢንተግሬት ሲደረግ (በየነጥቡ ያለው ተከታታይ ዋጋ ሲደመር) የሳጥኑን ርዝመት ግማሽ ይሰጣል፤ ስለዚህ ከሳይኑ ፊት የሚቆመው ቋሚ ቁጥር የ2 ለርዝመቱ ሲካፈል ስኩዌር ሩት ነው፤ ርዝመቱ በናኖሜትር ሲለካ በዚህ ሳጥን 2 ይሆናል። እዚህ ላይ ተማሪ የሚሳሳተው የኢንተግራሉን ወሰን ሳይቆርጥ ሳይኑን ከግድግዳው ውጭም ሲቀጥለው ነው፤ ውጭ ፈንክሽኑ ዜሮ ነውና ከዚያ የሚደመር ነገር የለም። አሁን መካከሉ ላይ ያለውን ስኩዌር ያስሉ፤ 4 ነው። «የመገኘት ዕድሉ 4 ነው» ሊባል ነው? ዕድል ከ1 አይበልጥም። 4 የመገኘት ዕድል ጥግግት ነው፤ ሙሉ ንባቡም «በናኖሜትር 4» ነው። የሕዝብ ጥግግት በስኩዌር ኪሎ ሜትር 4,000 ሰው ነው ሲባል ስፋቱ ሩብ ስኩዌር ኪሎ ሜትር በሆነ ቀበሌ 4,000 ሳይሆን 1,000 ሰው እንደሚኖር ሁሉ፣ እዚህም ጥግግቱን በርዝመት ማባዛት ያስፈልጋል። መካከሉ ላይ 0.01 ናኖሜትር ስፋት ባለው ቦታ የመገኘት ዕድሉ 0.04 ገደማ ነው። «ጥግግት» የሚለው ቃል ከማስታወሻዎ ከወጣ ተማሪው ትክክለኛውን ስሌት ሠርቶ የተሳሳተ ይመስለዋል፤ ስለዚህ ቦታን በሚመለከት ምዕራፍ ሁሉ ይግባ። መለኪያውም መፈተሻ ይሆናል፤ የቋሚው ቁጥር መለኪያ አንድ ለርዝመት ስኩዌር ሩት ነው። ያለ መለኪያ ባዶ ቁጥር ከወጣ የሆነ ቦታ ስህተት አለ።

ወደ ባልደረባዎ ሐሳብ ልምጣ። አማርኛ የውጭ ግስን ሲቀበል ራቁቱን ወስዶ «አደረገ»ን ወይም «ሆነ»ን ይጨምርበታል፤ «ፎርማት አደረገ»፣ «ዳውንሎድ አደረገ» እንላለን እንጂ «ፎርማትድ አደረገ» አንልም። ስለዚህ ድርጊቱ «ኖርማላይዝ ማድረግ»፣ ተገብሮው «ኖርማላይዝ ተደረገ»፣ የሥራው ስም «ኖርማላይዜሽን» ነው። «ኖርማላይዝድ» ቦታ ያለው ሁኔታን ሲገልጽ ብቻ ነው፦ «ይህ ፈንክሽን ኖርማላይዝድ ነው።» የተሳቢዋ «ን» ፈንክሽኑ ላይ ትቀመጣለች፤ «ፈንክሽኑን ኖርማላይዝ አደረግን» እንጂ «ኖርማላይዙን አደረግን» አይባልም።

አማርኛ እዚህ ላይ አንድ ትልቅ ጥቅም ይሰጥዎታል፤ ይጠቀሙበት። «ኖርማላይዝ ያልተደረገ» እና «ኖርማላይዝ የማይደረግ» የተለያዩ ናቸው፤ ልዩነቱን «ያል» እና «የማይ» ያለ ተጨማሪ ማብራሪያ ይናገሩታል። ከላይ ያሉት 3 እና 4 ያልተደረጉ ናቸው፤ በ5 ሲካፈሉ ይደረጋሉ። በማያልቅ መስመር ላይ ጥንካሬው ሳይቀንስ የሚዘልቅ ሞገድ ግን የማይደረግ ነው። የፍጹም ዋጋው ስኩዌር በየቦታው እኩል ስለሆነ ድምሩ ማለቂያ የለውም፤ በየትኛውም ቁጥር ቢካፈል 1 አይሆንም። ለስሌት ሲፈለግ ወይ ሰፊ ግን የተወሰነ ሳጥን ውስጥ ይገባል፣ ወይ ብዙ እንዲህ ያሉ ሞገዶች ተደምረው ዳርና ዳሩ ላይ የሚከስም የሞገድ ጥቅል ይሠራል። በየቦታው ዜሮ የሆነውም ፈንክሽን ከማይደረጉት ነው፤ በዜሮ ማካፈል የለምና።

«ኖርማላይዝድ የሆነው ፈንክሽን» ብሎ በተወሰነ መስተአምር («የሆነው» መጨረሻ ላይ ባለችው «ው») መጻፍም ጥንቃቄ ይፈልጋል፤ አንድ ብቻ ያለ ያስመስላል። 0.6 እና 0.8ም፣ ሁለቱም ከዜሮ በታች የሆኑት 0.6 እና 0.8ም ጠቅላላቸው 1 ነው፤ «ፌዝ» የሚባለው፣ ማለትም ሁሉንም በአንድነት የሚያባዛው ፍጹም ዋጋው 1 የሆነ ቁጥር፣ አይወሰንም። ቋሚውን ቁጥር ፖዘቲቭ አድርገን የምንይዘው በስምምነት ስለሆነ «እንይዛለን» ይበሉ እንጂ «ይሆናል» አይበሉ።

በመጨረሻ፣ በማስታወሻዎ ቀጣይ ክፍል ላይ መምጣቱ የማይቀረው «እንደገና» ነው። ፈንክሽኑ በጊዜ ሲለወጥ እንደገና ኖርማላይዝ ማድረግ አያስፈልግም፤ የሽሮዲንገር እኩልታ ጠቅላላ ድምሩን ይጠብቃል። በኮምፒውተር ሲሰላ ድምሩ ከ1 እየራቀ ከሄደ ጥፋቱ የስሌት ዘዴው ነው። ቀላሉ የኦይለር ዘዴ (ቀጣዩን ዋጋ አሁን ካለው የለውጥ ፍጥነት ብቻ የሚያሰላው) ለምሳሌ በየእርምጃው ድምሩን ያሳድገዋል። ያን ጊዜ በየእርምጃው ማካፈል ስህተቱን ይሸፍነዋል እንጂ አያርመውም፤ የጊዜ እርምጃውን ማሳጠር ወይም ዘዴውን መለወጥ ነው የሚሻለው። ከልኬት በኋላ ግን እንደገና ማድረግ ግድ ይሆናል። በሳጥኑ ግራ ግማሽ መሆኑ ብቻ ከታወቀ የቀኙ ግማሽ ፈንክሽን ይጠፋል፣ የቀረው ድምር 0.5 ይሆናል፣ ፈንክሽኑም በ0.5 ስኩዌር ሩት፣ በ0.71 ገደማ ይካፈላል። ይህን «እንደገና ኖርማላይዝ እናደርጋለን» ብለው ይጻፉት። «ሪኖርማላይዜሽን»ን አይጠቀሙ፤ እሱ በኳንተም ፊልድ ቲዎሪ ውስጥ እንደ ቅንጣት መጠነ ቁስና ቻርጅ ያሉ መጠኖች ሲሰሉ የሚመጡ ማለቂያ የሌላቸውን ውጤቶች የማስተናገጃ ዘዴ ስም ነው፤ ከዚህ ማካፈል ጋር አይገናኝም።