ውሃ ሲነካው ቀለሙ የሚጠፋ ድንጋይ
የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

ጥያቄ፦ በምናባዊ ዓለም ላይ ልብ ወለድ እየጻፍኩ ነው። ታሪኩ ውስጥ «ነጎድ» የሚባል ብርቅ ማዕድን አለ፤ የያዘው ሰው ይሰወራል፣ ቁስል ያድናል፣ እሳት ያስነሳል። ረቂቁን ያነበቡልኝ ጓደኞቼ ግን ከምዕራፍ 6 ወዲያ «ልብ አይሰቅልም» አሉኝ። ምን ላድርግ? (አንባቢ፣ ከአዳማ)

መልስ፦ ሦስቱንም ኃይል ለአንድ ድንጋይ ስለሰጡት ነው። ባለታሪኩ ቢታሰር ይሰወራል፣ ቢወጋ ይድናል፤ ታዲያ አንባቢው በምን ይጨነቅ? ሁለቱን ይሰርዙ። ቁስል ማዳኑ ብቻ ቀረ እንበል። ቀጥሎ መጠኑን በግራም ይወስኑ። ድንጋዩ 40 ግራም ቢሆንና አንድ ቁስል ለመዝጋት 2 ግራም ተፍቆ ዱቄቱ የሚነሰነስ ከሆነ፣ በእጅዎ ያለው የ20 ቁስል መድኃኒት ነው። ደብተር ላይ ሁለት ዓምድ ያስምሩ፤ በአንዱ ምዕራፉን፣ በሌላው የቀረውን ግራም ይጻፉ። እስከ ምዕራፍ 6 ሰባት ጊዜ ከተፋቀ የቀረው 26 ግራም ነው። ከዚያ በኋላ «ማን ይዳን፣ ማን ይቅር» የሚለው ጭቅጭቅ ብቻውን ታሪኩን ይጎትተዋል።

ብዙ ረቂቅ የሚበላሸው መጨረሻው ላይ ነው። ግራሙ ያልቃል፣ ጸሐፊው ይጨንቀዋል፣ ድንገት ድንጋዩ ያለበት ሌላ ዋሻ ይገኛል። አንባቢውም ሲቆጥር ነው የቆየው፤ ይታዘብዎታል። ሁለተኛ ዋሻ የግድ ካስፈለገ ወሬው ገና በምዕራፍ 2 ይሰማ።

ጥያቄ፦ የኔ ድንጋይ ውሃ ሲነካው ቀለሙ ይጠፋል፣ ሲደርቅ ይመለሳል። ወንድሜ «እንዲህ ያለ ድንጋይ በዓለም የለም፣ ማንም አያምንሽም» አለኝ። እውነቱን ነው? (አንባቢ፣ ከደሴ)

መልስ፦ ተሳስቷል፤ ድንጋዩ ያለው ደግሞ እዚያው ወሎ፣ ደላንታ ነው። በወገል ጤና አካባቢ የሚወጣው ኦፓል የተባለ የጌጥ ድንጋይ በዓለም ገበያ የታወቀው እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ከ2008 ወዲህ ነው። ደረቁን ድንጋይ ብርጭቆ ውሃ ውስጥ ሲጨምሩት መጀመሪያ ጥቃቅን የአየር አረፋ ከገጹ ይወጣል። ቀስ በቀስ ነጭነቱ ይሳሳል፣ ቀይና አረንጓዴው ብልጭታ ይከስማል፣ ብዙውን ጊዜም የጠርሙስ ስባሪ መስሎ ቁጭ ይላል። ሲወጣ ወዲያው አይመለስም፤ እንዲያውም መጀመሪያ ደፍርሶ እንደ ወተት ይነጣል። ባለቤቱ «ተበላሸ» ብሎ የሚደነግጠው እዚህ ላይ ነው። ቀለሙ የሚመጣው እንደ ድንጋዩ መጠን ከሰዓታት እስከ ቀናት ቆይቶ ነው።

ምክንያቱን ይወቁት፣ ለታሪክዎ ይጠቅማል። ኦፓል የተሠራው ከሲሊካ ነው፤ አሸዋና ብርጭቆም በአብዛኛው ሲሊካ ናቸው። ልዩነቱ አደራደሩ ላይ ነው፦ ከ150 እስከ 300 ናኖ ሜትር የሚደርሱ፣ ማለትም ከሚሊ ሜትር አንድ ሺህኛ የሚያንሱ እንክብሎች እኩል እኩል ሆነው በሥርዓት ሲደረደሩ ብርሃኑን በየቀለሙ ይበትኑታል። ተለቅ ያሉት ቀይ ያወጣሉ፣ ትናንሾቹ ሰማያዊ። ካልተስተካከሉ ብልጭታ የሌለው ተራ ድንጋይ ነው፤ ቆፋሪ የሚያወጣው አብዛኛውም ይኸው ነው። የወሎው ኦፓል ቀዳዳ የበዛበት ስለሆነ ውሃ ይጠጣል። ውሃው አየሩን ሲተካ በእንክብሎቹና በመካከላቸው ባለው ክፍተት መካከል ብርሃንን በማጠፍ ረገድ ያለው ልዩነት ስለሚጠብ ብርሃኑ ሳይበተን ያልፋል። እናም ብርቅ የሚያደርገውን በንጥረ ነገሩ ሳይሆን በአደራደሩ ቢያደርጉት የእርስዎም ድንጋይ ይታመናል። ጠንቋዩ ጥሬ ዕቃውን በጆንያ ቢሰበስብም ሊሠራው አይችልም።

ጥሩ የገበያ ትዕይንትም ይወጣዋል። ውሃ የጠጣ ድንጋይ ክብደቱ ከአሥር እጅ አንድ እጅና ከዚያም በላይ ሊጨምር ይችላል፤ 10 ግራሙ 11 ግራም ሆነ ማለት ነው። እርጥቡን የሚመዝን ነጋዴ ውሃ እየሸጠ ነው። ብልህ ገዢ ሚዛን ይዞ ይመጣል፣ ይመዝናል፣ አድሮ ደግሞ ይመዝናል። ድንጋዩ ሻይም፣ ዘይትም፣ ቀለምም እንደ ውሃው ይጠጣል፤ ዘይቱ ግን እንደ ውሃ በኖ አይወጣለትም። ለማድረቅ ፀሐይ ላይ ወይም ምድጃ ዳር የሚያስቀምጥ ሰው ያበላሸዋል፤ ውስጡና ውጩ እኩል ስለማይደርቅ ገጹ እንደ ሸረሪት ድር ይሰነጣጠቃል። ጥላ ውስጥ፣ በጥጥ ተጠቅልሎ፣ ቀስ ብሎ ይድረቅ። ጥንካሬውም ከ1 እስከ 10 በሚሄደው የማዕድናት ጥንካሬ መለኪያ (ሞዝ) ከ5.5 እስከ 6.5 ብቻ ነው፤ አቧራ ውስጥ ያለው ኳርትዝ የተባለ ማዕድን 7 ስለሆነ በአቧራማ ጨርቅ መወልወል ራሱ ይቧጭረዋል።

ጥያቄ፦ ከሌሎች እውነተኛ ድንጋዮች ምን «አስማት» መዋስ ይቻላል? (አንባቢ፣ ከዋሽንግተን ዲሲ)

መልስ፦ በቂ አለ። ሁለት ኳርትዝ ድቅድቅ ጨለማ ውስጥ ቢፋተጉ ደብዛዛ ብርሃን ይሰጣሉ። አሌክሳንድራይት በቀን ብርሃን አረንጓዴ፣ በሻማ ቀላ ያለ ነው። ቱርማሊን ሲሞቅ ኤሌክትሪክ ስለሚይዝ አመድ ይስባል። የኛ ምርጫ ቱርማሊን ነው፤ ምድጃ ዳር ተቀምጦ አመድ የሚጠራ ድንጋይ ከሚያበራ ሰይፍ ይልቅ ያስፈራል።

ጥያቄ፦ ስሙን ምን ልበለው? ያወጣሁት ሁሉ የፈረንጅ መድኃኒት ይመስላል። (አንባቢ፣ ከባሕር ዳር)

መልስ፦ ግዕዝ መንገዱን ጠርጎልዎታል። «እብን» ድንጋይ ነው፤ እብነ በረድን እናውቀዋለን። በዚያው ልክ ውሃ የሚጠጣውን «እብነ ጠል» ቢሉት ማንም ትርጉም አይጠይቅዎትም። ይህ የቤተ መንግሥት መዝገብ ላይ የሚሰፍረው ስም ይሁን። ጉድጓድ ውስጥ ሲቆፍር የሚውለው ሰው ግን ይህን ሁሉ አይጠራም፤ «ጠሌ ወጣች!» ብሎ ይጮኻል።