መዝገቡ ተዘጋ ላልሽው እህት፦ አዲስ ክስ ከመጻፍሽ በፊት የትዕዛዙን ግልባጭ አውጪ

ከፉሪ የጠየቅሽው እህት፣ ነገሩ እንዲህ ነው ብለሻል፦ ያበደርሽውን ገንዘብ ለማስመለስ አዲስ አበባ፣ ፌዴራል መጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ከሰሽ፤ መሃል ላይ ሽማግሌ ገባ፤ በቀጠሮው ቀን ሁለታችሁም ቀራችሁ፤ መዝገቡ ተዘጋ። እንደገና መክሰስ ይቻላል ወይ?

ለመሆኑ ተከሳሹ መቅረቱን በምን አወቅሽ? አንቺ አልነበርሽም። ሽማግሌ ይዞናል ብላ ከሳሽ ቤቷ ስትቀመጥ ተከሳሽ በጠዋት ተነስቶ ችሎት መገኘቱ ስንት ጊዜ የታየ ነገር ነው። መልሱ በሙሉ የሚያርፈው እዚህ ላይ ነው።

1. የመዝገብ ቁጥሩንና መታወቂያሽን ይዘሽ ማኅተም ያለበትን የትዕዛዝ ግልባጭ አውጪ። በመስኮት በኩል «ተዘግቷል እኮ» ቢሉሽ እሺ ብለሽ አትመለሺ። ቀና ብሎ ሳያይሽ የሚመልስ ሠራተኛ በየትኛው የሕግ ቁጥር እንደተዘጋ አይነግርሽም፣ አንቺ ደግሞ የምትፈልጊው እሱን ብቻ ነው።

የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 69(2) የሚል ከሆነ ሁለታችሁም አልቀረባችሁም ማለት ነው። ክሱ ተሰረዘ እንጂ መብትሽ አልጠፋም፤ ይርጋ (የመክሰሻ ጊዜ ማለፍ) እስካላገደሽ ድረስ አዲስ ክስ ታቀርቢያለሽ። የብድር ውል ይርጋው በመደበኛው 10 ዓመት ነው፤ የሚቆጠረውም ገንዘቡ መመለስ ከነበረበት ቀን ነው። ዳኝነቱን (የፍርድ ቤቱን ክፍያ) ግን እንደገና መክፈል አለ። የቀረሽበት በቂ ምክንያት ካለ ቁጥር 71ን ጠቅሰሽ ክፍያው እንዲቀርልሽ አመልክቺ።

ቁጥር 73 ካለ ነገሩ ሌላ ነው፤ እሱ ቀርቦ፣ ዕዳውን ክዶ፣ አንቺ ስለሌለሽ ክሱ ውድቅ ሆኗል። በቁጥር 74 መሠረት በዚያው ጉዳይ አዲስ ክስ ማቅረብ ክልክል ነው። ብዙ ሰው የሚከስረው እዚህ ነው፦ ለጸሐፊ ከፍሎ፣ ዳኝነት ከፍሎ አዲስ ክስ ይከፍታል፤ ተከሳሹ የድሮውን ትዕዛዝ ያቀርብና ያዘጋዋል። እስከዚያ ደግሞ ትክክለኛው መንገድ አልፏል፤ ትዕዛዙ እንዲነሳ የሚጠየቀው በአንድ ወር ውስጥ ነውና። ቀኑን ግልባጩ እጅሽ ከገባበት ሳይሆን ትዕዛዙ ከተሰጠበት ቁጠሪ።

2. ትዕዛዙ እንዲነሳ የምትጠይቂበት አቤቱታ የሚቀርበው መዝገቡን ለዘጋው ችሎት ነው። በቃለ መሐላ ይደገፍ፣ ግልባጩ ይያያዝ፤ ለፍርድ ቤቱ፣ ለተከሳሹና «ተቀብያለሁ» ተብሎ ለሚመለስልሽ የራስሽ ቅጂ አዘጋጂ። ስለ ብድሩ ገጽ አትሙዪ፤ በዚህ ደረጃ ዳኛው የሚያየው ለምን እንደቀረሽ ብቻ ነው። «ታክሲ አጣሁ» ከዓለም ባንክ ወዲያ ለምንኖር ሁሉ እውነት ነው፣ ችሎት ግን አይሰማውም። የታመመ ሰው የሐኪም ማስረጃው የቀጠሮውን ቀን መሸፈን አለበት፤ በማግስቱ የተጻፈና ስለዚያ ቀን ምንም የማይል ወረቀት ዋጋ የለውም።

ሽማግሌ መኖሩ ብቻውን ደካማ ምክንያት ነው፤ «ታዲያ ለምን ቀጠሮ አላስለወጥሽም?» ትባያለሽ። ግን ተከሳሹ «አትምጪ፣ እንታረቃለን» ብሎ በስልክ የላከው መልእክት ካለ ዋናው ማስረጃሽ እሱ ነው። እንዳታጠፊው፣ አሳትሚው። ሽማግሌዎቹንም በምስክርነት ቁጠሪ፣ የፈረሙት ወረቀት ካለም አያይዢ።

3. ከሸገር ከተማ ፍርድ ቤቶች በአንዱ የተያዘ ጉዳይ ያላችሁም ሥነ ሥርዓቱ ያው ነው፤ ቋንቋው ግን አፋን ኦሮሞ ስለሆነ አቤቱታው በዚያ ይጻፍ።

መዝገቡ ከተመለሰልሽ በኋላ ሽማግሌው ቢቀጥልም ከቀጠሮ አትቅሪ። ካልተመቸሽ ባልሽ፣ ወንድምሽ ወይም ልጅሽ ሰነዶች ማረጋገጫ በተሰጠ ውክልና ይቁምልሽ። ዕርቁ ከተሳካ በጽሑፍ አድርጉትና ሁለታችሁም ፈርማችሁ ለችሎቱ ስጡ፤ በቁጥር 274 መሠረት ከተመዘገበ፣ እምቢ ቢል በፍርድ ቤት አፈጻጸም አስገድደሽ ታስከፍይዋለሽ።